የመርዶው ትዕይንት ለምን ተቆረጠ? ለድራማ ገምጋሚ ኮሚቴ የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ይድረስ፦ ለተከታታይ ድራማዎች ገምጋሚ ኮሚቴ
ጉዳዩ፦ ያለ ስምምነታችን ተቆርጠውና ተለውጠው ስለተላለፉ ትዕይንቶች

የተከበራችሁ የኮሚቴው ሰብሳቢና አባላት፣

ይህን ደብዳቤ የምንጽፍላችሁ በአዲስ አበባ ምሥራቃዊ ዳርቻ፣ በቦሌ አራብሳ የጋራ መኖሪያ መንደርና በአካባቢው እየኖርን በዚያው በሠፈራችን ተከታታይ ድራማ የሠራን ደራሲያን፣ ዳይሬክተር፣ ኤዲተር፣ የድምፅ ባለሙያና ተዋንያን ነን። ድራማችን እንዲተላለፍ ውል ተፈራርመን ሙሉውን ቅጂ ካስረከብን በኋላ ኮሚቴያችሁ ሦስት ትዕይንቶችን የተንዛዙና ስሜት የማይሰጡ ናቸው ብሎ ወስኗል፤ ውሳኔው ለእኛ ሳይነገረንም ትዕይንቶቹ ተቆራርጠው፣ ሙዚቃ ተጭኖባቸውና ያልጻፍነው ንግግር ተጨምሮባቸው ቀርበዋል። ነገሩን ያወቅነው እንደማንኛውም ተመልካች ቤታችን ቁጭ ብለን ስንመለከት ነው። በየጊዜው ላስገባናቸው ማመልከቻዎች መልስ ስላጣን ደብዳቤውን ግልጽ አድርገነዋል። የጣቢያችሁን ስም ግን አልጠቀስንም፤ ከሌሎች ጣቢያዎች ጋር የሚሠሩ ባልደረቦቻችንም ይኸው ስለሚደርስባቸው ጉዳዩን የአንድ ቤት ጠብ ልናስመስለው አንፈልግም። ስለ ክፍያም የምናነሣው ቅሬታ የለንም፤ በውሉ መሠረት ተከፍሎናል።

ቅሬታችን ስለ ሥራው ነው። የኮሚቴያችሁን ውሳኔ በኋላ አግኝተን ደጋግመን ስናነበው የተረዳነው፣ ተመልካችን የሚያስለቅሰው ተዋናዩ ሲያለቅስ፣ የሚያስደነግጠውም ተዋናዩ ሲጮኽ ነው የሚል እምነት እንዳላችሁ ነው። እኛ ደግሞ አንድ ትዕይንት የሰው ሆድ ውስጥ የሚገባው ተመልካቹ ባወቀው፣ ባለ ታሪኩ ገና ባላወቀው ወይም ሊናገረው ባልቻለው ነገር፣ ለዚያም ነገር በተሰጠው ጊዜ ነው ብለን እናምናለን። ይህን በጥቅሉ ከምንከራከር ሦስቱን ትዕይንቶች በየተራ ማንሣት ይሻላል።

የመጀመሪያውና ከሁሉም ይበልጥ ያሳዘነን የመርዶው ትዕይንት ነው። እንደተጻፈውና እንደተቀረጸው እንዲህ ነበር። ጎህ ሳይቀድ፣ አራተኛ ፎቅ ላይ ብቻዋን ተከራይታ የምትኖር ወጣት በሯ ይንኳኳል። ስትከፍት አጎቷ፣ የዕድሩ ዳኛና ሁለት የጎረቤት ሴቶች ቆመዋል። ተመልካቹ ከዚያ በፊት ባለው ትዕይንት አጎትየው የእናቷን ሞት በስልክ ሲረዳ አይቷል፤ እሷ ግን አልሰማችም። ሌሊት በፈረቃ የመጣው ውሃ ከቤቷ ሞልቶ ወደ ታችኛው ፎቅ የፈሰሰና ሊወቅሷት የመጡ ይመስላትና ይቅርታ እየጠየቀች ቧንቧውን ልታይ ትሮጣለች። ቧንቧው ዝግ ነው። ተመልሳ ታስቀምጣቸዋለች፤ ወንበር ስለማይበቃ እሷ ጀሪካን ገልብጣ ትቀመጥና ቡና ልታፈላ ትነሣለች። ማንም ተይው አይላትም፤ ቢላት ለምን ማለቷ አይቀርምና። ሲኒዎቹን እየደረደረች "እማዬ ትናንት ስልኳ አልነሣ አለኝ፣ አጎቴ፣ አንተ ጋ ደውላለች?" ትላለች። አጎትየው "እስቲ መጀመሪያ ቁጭ በይ" ይላታል። ለአንደኛዋ ጎረቤት ሲኒ ልታቀብል ጎንበስ ስትል ዓይኗ የሴትዮዋ ነጠላ ላይ ያርፋል። ሴትዮዋ ከቤቷ ስትወጣ ለሐዘን እንደሚደረገው ዘቅዝቃ ለብሳዋለች፤ በደረጃው ላይ ሁሉም ሲያስተካክሉ እሷ ረስታዋለች፤ ጥለቱ ወደ ላይ እንደዞረ ነው። ልጅቷ ሲኒውን መልሳ ረከቦቱ ላይ ታስቀምጠዋለች። ከዚያ በኋላ ንግግር የለም። ጀበናው ይገነፍልና በጋለው ምድጃ ላይ ቸስ ይላል፤ ከውጭ ደግሞ የመጀመሪያው ሃይገር ረዳት "መገናኛ! መገናኛ!" እያለ ሲጣራ ይሰማል። ትዕይንቱ እዚያ ላይ ያበቃል።

በጣቢያችሁ የተላለፈው ቅጂ ግን በሩ ከመከፈቱ "እማዬን!" በሚል ጩኸት ይጀምራል። ጩኸቱ ከሌላ ክፍል ተወስዶ የተለጠፈ ነው። ቡናው የለም፣ ውሃው የለም፣ ነጠላው የለም። የእናትየው ፎቶግራፍ በልጅቷ ፊት ላይ ተደርቦ፣ ምስሉ እንዲዘገይ ተደርጎ፣ ከሥሩ ዋሽንት ገብቶበታል። ዋሽንት ምን እንዳጠፋ እንጃ፤ በእኛ ሀገር ድራማ ሐዘን በመጣ ቁጥር እየተጠራ አበሳውን የሚያይ መሣሪያ ሆኗል።

ኮሚቴው የቆረጠው ቡና የማፍላቱን ክፍል "ታሪኩን ወደፊት አያራምድም" በሚል ነው። እኛ ግን ታሪኩ ያለው እዚያው ነው እንላለን። መርዶ ነጋሪ እንዴት እንደሚመጣ፣ ለምን ንጋት እንደሚመረጥ፣ ሴቶቹ ራሷን እንዳትጥል ለመያዝ ለምን ከጎኗ እንደሚቀመጡ የማያውቅ የእኛ ሀገር ሰው ጥቂት ነው። ተመልካቹ በሩ ሲንኳኳ ጀምሮ ያውቃል። ስለ ውሃው ይቅርታ ስትጠይቅ፣ ወንበር አነሰ ብላ ስታፍር፣ የምትሠራው ትንሽ ነገር ሁሉ ይከብደዋል፤ ጥቂት ደቂቃ ብቻ የቀራትን ሰላም አብሯት እየጠበቀ ነውና። ጩኸቱ ከፊት ሲመጣ ግን ተመልካቹ ከልጅቷ እኩል ይደነግጣል፤ ድንጋጤው ደግሞ በጥቂት ሰከንድ ያልፋል።

ይህ እኛ ያመጣነው ሐሳብ አይደለም። አርስቶትል ከ2,300 ዓመታት በፊት ስለ ግሪኮች ተውኔት ሲጽፍ፣ ፍርሃትና ሐዘኔታ ዓይን ከሚያየው ትርኢት ሊመጣ እንደሚችል፣ ነገር ግን ከድርጊቱ ቅንብር የሚመጣው እንደሚበልጥና የተሻለ ባለሙያ ሥራ እንደሆነ ተናግሯል። በደንብ የተቀናበረ ታሪክ የደረሰውን ነገር በጆሮው ብቻ የሰማን ሰው ሳይቀር ሊያንቀጠቅጠው ይገባል ይላል። የመርዶውን ትዕይንት ለሰው ብታወሩት፣ ነጠላው ላይ ስትደርሱ አድማጩ ዝም ይላል። ጩኸቱን ግን ማውራት አይቻልም፤ "ጮኸች" ከማለት በቀር ምን ይባላል?

ስለ ተዋናይቷም አንድ ነገር እንበል። ኮሚቴው "ፊቷ ስሜት አያሳይም" ብሏል። በእርግጥም ነጠላውን ካየች በኋላ ፊቷ ላይ ብዙ ነገር አይታይም፤ ዳይሬክተሩ የጠየቃትም ይህንኑ ነው። ኤዲተሩ ከነጠላው ቀጥሎ ፊቷን ለሁለት ሰከንድ፣ ማለትም ለ50 ፍሬም (ነጠላ ምስል)፣ ሳይነካው አቆይቶታል። የኤዲቲንግ ትምህርት የወሰደ ሁሉ የሩስያዊውን የፊልም ዳይሬክተር የሌቭ ኩሌሾቭን ሙከራ ያውቃል። ከመቶ ዓመት ገደማ በፊት ኩሌሾቭ የተዋናዩን የኢቫን ሞዡኺንን አንድ ዓይነት ጸጥ ያለ ፊት ከተለያዩ ምስሎች ጋር አያይዞ አሳየ፤ የሙከራው ፊልም ዛሬ የለም፣ ምስሎቹ ምን ምን እንደነበሩም ተራኪዎቹ ይለያያሉ፤ በሰፊው የሚነገረው ግን አንድ ሳህን ሾርባና አንድ የሬሳ ሣጥን እንደነበሩ ነው። ተመልካቾቹ ፊቱን ከሾርባው ጋር ሲያዩ ረሃብን፣ ከሣጥኑ ጋር ሲያዩ ሐዘንን አነበቡበት፤ የተዋናዩንም ችሎታ አደነቁ ይባላል። ፊቱ ግን ያው ፊት ነበር። ተመልካች ሁለት ምስሎችን ራሱ ሲያገናኝ ስሜቱን ከራሱ ያወጣል፤ የራሱ ስለሆነም ይከብደዋል። ተዋናይቷ ፊቷን ጨምድዳ ብታለቅስ ኖሮ ለተመልካቹ የሚተርፍለት ሥራ አይኖርም ነበር።

ድራማው ከመተላለፉ በፊት ይህን ክፍል በሠፈራችን ኮሙናል አዳራሽ ግድግዳ ላይ ለጎረቤቶቻችን አሳይተነው ነበር። ጀሪካኑ ላይ ስትቀመጥ አንዳንድ እናቶች ገና ምንም ሳይባል ዓይናቸውን መጥረግ ጀምረዋል። ነጠላው ሲታይ ከኋላ የተቀመጡ ሴት "ወይኔ፣ አየችው!" ብለው ድምፃቸውን አውጥተው ተናገሩ። ተመልካቹ ይሰለቻል፣ ጣቢያ ይቀይራል ለሚለው የኮሚቴው ስጋት ያለን መልስ ይህ ነው፤ ቢያንስ እኛ ያየነው ተመልካች ልብ ብሎ የሚያይ ነው።

ሁለተኛው የቤት ኪራዩ ትዕይንት ነው። አከራይዋ ቤቱን በ20/80 ፕሮግራም ዕጣ ያገኙና የባንኩን ወርሃዊ ዕዳ ከኪራዩ የሚከፍሉ ጡረተኛ ናቸው። ተከራይዋ ሦስት ወር አልከፈለችም። እትዬ ብሩን ሊጠይቁ ይመጣሉ፤ ግን ከገቡ በኋላ ስለ ሕፃኑ ሳል ይጠይቃሉ፣ ስለ ሽንኩርት ዋጋ ያወራሉ፣ ውሃው ስንት ቀን እንደጠፋ ይነጋገራሉ። ሁለቱም ለምን እንደተገናኙ ያውቃሉ። እትዬ ሊሄዱ ሲነሡ ግድግዳው ላይ ቴሌቪዥኑ ተሰቅሎበት የነበረውን ቦታ ያያሉ፤ ቀለሙ ከሌላው ግድግዳ ይልቅ ንጹሕ ሆኖ በአራት ማዕዘን ቀርቷል፤ ሁለት ብሎን ወጥቶ ይታያል። ተከራይዋም ማየታቸውን ታያለች። "በይ እንግዲህ፣ ልጁን ዳማከሴ አጠጪው" ብለው ይወጣሉ። በሩ ከተዘጋ በኋላ እትዬ ደረጃው ላይ የባንክ ደብተራቸውን አውጥተው ያዩና መልሰው ያስገቡታል።

ኮሚቴያችሁ በዚህ ትዕይንት ላይ የተከራይዋን ሐሳብ የሚናገር ድምፅ በሌላ ሴት አስነብቦ ጨምሯል። ድምፁ ደሃ መሆኗን፣ ባሏ ጥሏት እንደሄደ፣ ቴሌቪዥኑን እንደሸጠች፣ እንደምታፍር ይዘረዝራል። ስለዚህ እትዬ ግድግዳውን ሲያዩ ተመልካቹ አስቀድሞ ተነግሮታልና የሚያገኘው አዲስ ነገር የለም። ከሁሉ የሚገርመን ደግሞ ይህ የተደረገው በእኛ ሀገር ተመልካች ስም መሆኑ ነው። ይሉኝታ ሰውን እንዴት እንደሚያስር ለኢትዮጵያዊ ተመልካች ማስረዳት ያስፈልጋል? ዕዳውን ሊጠይቅ ሄዶ ቡና ጠጥቶ የተመለሰ ሰው በየቤቱ አለ። ትዕይንቱ ኃይል ያለው ሁለቱም እውነት ስላላቸው ነው፤ እትዬ ክፉ ቢሆኑ ኖሮ ነገሩ ያልቅ ነበር፣ እኛም ተናደን እንተኛለን። እሳቸውም ችግር ላይ መሆናቸውን የምናውቀው ግን በዚያች በደብተሯ ምስል ብቻ ነው፤ እሷንም ለማስታወቂያ ጊዜ ስትሉ ቆርጣችኋታል። አከራይዋ እንዲሁ ደግ ሴት ሆነው ቀሩ።

ሦስተኛው የብሎኩ ዘበኛ ትዕይንት ነው፤ በዚህኛው ላይ ቅሬታችን ከሙያ ያልፋል። ዘበኛውን ሆነው የሠሩት አባት ተዋናይ አይደሉም። ብሎኮቹ ከመሠራታቸው በፊት በአካባቢው ያርሱ የነበሩ፣ አፋቸውን በአፋን ኦሮሞ የፈቱ፣ ዛሬም በጥበቃ ሥራ የሚተዳደሩ ሰው ናቸው። በትዕይንቱ ከትምህርት ቤት የተመለሰ የልጅ ልጃቸው በመኪና ማቆሚያው ላይ ሲጫወት ይጠሩትና ቦታውን በእርምጃ እየለኩ ያሳዩታል፤ እዚህ በረቱ ነበር፣ እዚህ ጋ ግራሩ። አንድ ቦታ ላይ ሲደርሱ ቆም ይሉና ጫማቸውን አውልቀው በካልሲ ይገባሉ። ይህ በስክሪፕቱ ላይ አልነበረም። አውድማ በጫማ አይረገጥም ተብለው አድገዋል፤ ካሜራው እየሠራ መሆኑን የረሱት መሰለን፤ አስፋልቱ ላይ ቆመው ጥቂት ጊዜ ምንም አልተናገሩም። ልጁ፣ እሱም ሳይነገረው፣ አያቱን አይቶ የትምህርት ቤት ጫማውን ማሰሪያ መፍታት ጀመረ። የድምፅ ባለሙያችን ቡሙን (የማይክሮፎኑን ረጅም ዘንግ) እንደያዘ እጁ ይንቀጠቀጥ ነበር።

በጣቢያችሁ የታየው ሌላ ነው። ጫማው የወለቀበት ቦታ ለተመልካች ግልጽ አይደለም ተብሎ ተቆርጧል፤ በምትኩ ከየት እንደመጣ የማናውቀው በበሬ የሚያበራይ ገበሬ ምስል ገብቷል። ከዚህም የባሰው የአባትየው ድምፅ ወጥቶ በሌላ ሰው ድምፅ መተካቱ ነው። ምክንያቱ አማርኛቸው ጥርት ያለ አይደለም የሚል መሆኑን በቃል ሰምተናል። እኚህ ሰው ቤተሰባቸውን ሰብስበው ራሳቸውን ሊያዩ ሲቀመጡ ከአፋቸው የሌላ ሰው ድምፅ ሲወጣ ሰምተዋል። ለዚህ ምን እንደምንላቸው አላወቅንም። በማግሥቱ ሲያገኙን ስለ ድራማው አላነሡም፤ ስለ ዝናቡ አወሩን።

የሁለተኛው የዓለም ጦርነት እንዳበቃ ተዋናይ ያልሆኑ ሰዎችን ከመንገድ እያመጡ ታላላቅ ፊልሞችን የሠሩት ጣልያኖች ድምፁን በኋላ ስቱዲዮ ውስጥ ይሞሉት እንደነበር ይነሣብን ይሆናል። እውነት ነው፣ የዚያ ሀገር የአሠራር ልማድ ነበር። ነገር ግን እነሱ አብዛኛውን ጊዜ የፊልሙን ድምፅ በሙሉ በአንድ አሠራር ነበር የሚሞሉት፤ እናንተ ግን ከሁሉም መካከል የአንድን ሰው ድምፅ ብቻ ለይታችሁ አወጣችሁ። የልጁ ድምፅ ከነነፋሱና ከነባጃጁ ከመኪና ማቆሚያው ይመጣል፤ የአያቱ ግን ግድግዳው በስፖንጅ ከተሸፈነ ጠባብ ክፍል። ሁለቱ አንድ ቦታ ላይ እንዳልሆኑ ጆሮ ወዲያው ያውቃል፤ ጆሮ ካላመነ ዓይን ብቻውን አያምንም። የእሳቸው አማርኛ ደግሞ ትዕይንቱ ራሱ ነው። ቃል ፍለጋ ቆም ሲሉ፣ አንዱን ነገር በራሳቸው ቋንቋ ሲጠሩትና ልጁ በአማርኛ ሲያሟላላቸው፣ በሁለቱ ትውልድ መካከል የሆነው ነገር ማንም ሳያስረዳ ይሰማል።

የቀሩትን በአጭሩ እናልፋቸዋለን። ማስታወቂያ በትዕይንት መካከል ሊገባ አይገባም። የስፖንሰሩ ጽሑፍ በስክሪኑ ግርጌ ሲያልፍ የሚነበበው እሱ ነው፣ ፊት አይታይም፤ ይህን ለማወቅ ባለሙያ መሆን አያስፈልግም። ማጀቢያ ሙዚቃውን በተመለከተ፣ ከሙዚቃ ባለሙያችን ጋር ተመካክረን በመርዶው ክፍል ሙዚቃ እንዳይኖር የወሰንነው ረስተን አይደለም። በቤቱ ውስጥ ፍሪጁ የሚያሰማውን ድምፅ ለብቻው ቀርጸን ከሥር አስገብተነው ነበር፤ ልጅቷ ነጠላውን ስታይ እሱም ይቆማል። ይህን ልብ ያለው ተመልካች ላይኖር ይችላል፤ ሁሉም ግን ክፍሉ ድንገት ባዶ እንደሆነ ይሰማዋል።

ከኮሚቴው አባላት አንዳንዶቻችሁ በመድረክና በሬድዮ ረጅም ዘመን ያገለገላችሁ መሆናችሁን እናውቃለን፤ የአመለካከታችን ልዩነትም ከዚያ የሚመነጭ ይመስለናል። ሀገር ፍቅር በ1927 ዓ.ም. ከተመሠረተ፣ የዛሬው ብሔራዊ ቴአትር በ1948 ዓ.ም. ከተከፈተ ጀምሮ የሀገራችን ተዋናይ የሠለጠነው በመጨረሻው ረድፍ ለተቀመጠ ሰው እንዲታይና እንዲሰማ ሆኖ ነው። የሬድዮ ድራማም በድምፅ ብቻ ስለሚቆም የማይታየውን ሁሉ መናገር ግዴታው ነው። ቴሌቪዥን በ1957 ዓ.ም. ሲጀመር ይህን ሙያ እንዳለ ተረከበ፤ ባይረከበው ከየት ያመጣ ነበር? ካሜራ ግን ከዓይን ሽፋሽፍት በአንድ ክንድ ርቀት ላይ ቆሞ ያያል። ለአዳራሽ የሚበቃ ድምፅና እንቅስቃሴ በዚያ ርቀት ላይ ሐሰት ይሆናል፤ ጥፋቱም የተዋናዩ አይደለም።

ጩኸትና ልቅሶን ጠልተን እንዳልሆነም እንድትረዱልን እንፈልጋለን። ከመርዶው ቀጥሎ ባለው ክፍል ድንኳን ተጥሎ፣ ሙሾ ወርዶ፣ ደረት ሲደቃ የሚያሳይ ረጅም ትዕይንት አለን፤ እናንተም ሳትነኩት አሳልፋችሁታል። በዚያ ትዕይንት ላይ ሙሾ ያወረዱት አስለቃሽ እውነተኛ አስለቃሽ ናቸው፤ ሲቀረጹም በጩኸት አልጀመሩም። የሟቿን ሙያ፣ የጓሮዋን ጎመን፣ ለልጇ በመኪና ትልከው የነበረውን በሶና ቅቤ አንድ በአንድ እየጠሩ፣ ቀስ እያሉ ነው የድንኳኑን ሰው ያስለቀሱት። እናት ሞተች ብሎ ለሁሉም እናት ከማልቀስ የዚህችን እናት ቅቤ መጥራት ሰውን የበለጠ እንደሚያፈርሰው ያውቃሉ። እኛም በቡናው፣ በጀሪካኑና በነጠላው ያደረግነው ይህንኑ ነበር። የድንኳኑ ዋይታ የተጻፈው ከዚያ ከንጋቱ ዝምታ በኋላ እንዲፈነዳ ነው። ከፊቱ ሌላ ጩኸት ስላስቀደማችሁበት ከመጮኽ ያለፈ ነገር ሊሆን አልቻለም፤ ሳትነኩት ያሳለፋችሁትንም ትዕይንት ነክታችሁታል ማለታችን ነው።

ዝም ያለ ትዕይንት ሁሉ ጥሩ ነው አንልም። ምንም ሳይኖርበት ዝም የሚል፣ ካሜራው መስኮት ላይ ተተክሎ ሻይ እስኪቀዘቅዝ የሚጠብቅ ፊልም እኛንም አስተኝቶናል። ኮሚቴው እንዲህ ያለውን ለይቶ ቢያወጣ የምንቃወምበት ምክንያት የለም። የምንጠይቀው ከመቁረጡ በፊት በዚያ ዝምታ ውስጥ ማን ምን እንደሚያውቅ፣ ማን ምን እንደሚደብቅ እንዲታይ ነው።

ስለዚህ የሚከተሉት እንዲፈጸሙልን በአክብሮት እንጠይቃለን። ሦስቱም ትዕይንቶች ባስረከብነው ቅጂ መሠረት ተመልሰው ድራማው በድጋሚ ሲተላለፍና በዩቲዩብ ሲጫን በዚያው መልክ እንዲቀርብ፤ ከሁሉም አስቀድሞ የዘበኛው አባት የራሳቸው ድምፅ እንዲመለስና የጣቢያው ተወካይ ቤታቸው ድረስ ሄዶ ይቅርታ እንዲጠይቃቸው፤ ይህኛው ጥያቄ ድርድር የሚደረግበት አይደለም። ከእንግዲህ ኮሚቴው ማሻሻያ ሲፈልግ ደቂቃና ሰከንዱን ጠቅሶ፣ ምክንያቱን በጽሑፍ አስፍሮ ለአዘጋጆቹ እንዲያቀርብና የአዘጋጆቹን መልስ ሳይሰማ እንዳይቆርጥ፤ ያልተጻፈ ንግግርና ያልተስማማንበት ሙዚቃም እንዳይጨመር። ማስታወቂያ በትዕይንትና በትዕይንት መካከል ብቻ እንዲገባ። በኮሚቴው ውስጥ ቢያንስ አንድ ኤዲተርና አንድ የድምፅ ባለሙያ እንዲካተት፤ ለዚህ የእኛን ሰዎች አንጠቁምም፣ በከተማው ብዙ አሉ። በመጨረሻም የኮሚቴው አባላት ለአንድ ምሽት ወደ ቦሌ አራብሳ መጥታችሁ ሁለቱን ቅጂዎች፣ የእኛንና የእናንተን፣ ከነዋሪው ጋር በኮሙናሉ አዳራሽ ተቀምጣችሁ እንድታዩ እንጋብዛለን። ፕሮጀክተሩና ወንበሩ ከእኛ ነው፤ ቀኑን እናንተ ወስኑ፣ መብራት የሚኖርበት ቀን እንዲሆን ብቻ አስቀድማችሁ አሳውቁን።

ከሰላምታ ጋር፣

የድራማው ደራሲያን፣ ዳይሬክተር፣ ኤዲተር፣ የድምፅ ባለሙያ እና ተዋንያን
ቦሌ አራብሳ፣ አዲስ አበባ

ግልባጭ፦
ለድራማው ተመልካቾች
በሙያው ላይ ላሉ ደራሲያን፣ ኤዲተሮችና የድምፅ ባለሙያዎች